«አይዋሽ» ሲዋሽ

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፣

ጋዜጣችሁ ስለ ሥራ ቦታ ደኅንነት የሚያወጣቸውን ጽሑፎች በትጋት ከሚከታተሉት አንባቢዎች አንዱ ነኝ። በአብዛኛው የሚነሡት የራስ ቁር፣ ጓንት፣ ከፍታ ላይ የሚሠራ ሰው የሚታጠቀው ቀበቶና የእሳት ማጥፊያ ናቸው፤ ሊነሡም ይገባል። በአዳማ ከተማ በአንድ ሳሙና ማምረቻ ውስጥ የሥራ ደኅንነት ኃላፊ ሆኜ የምሠራ እንደመሆኔ፣ እኔ ዛሬ የምጽፈው ግን በየፋብሪካው ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ማንም ልብ ስለማይለው አንድ ዕቃ ይኸውም ስለ አደጋ ጊዜ የዓይን ማጠቢያ ነው።

ሠራተኛው ይህን ዕቃ በፈረንጅ ስሙ «አይዋሽ» ይለዋል። በአማርኛ ሲሰማ «ሐሰት አይነገር» እንደማለት ስለሚሆን አዲስ ሠራተኛ ሁሉ መጀመሪያ ሲሰማው ይስቃል፤ እኔም ሥራ ስጀምር ስቄያለሁ። ያ ስም ቀልድ መሆኑ ያበቃው ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ የማለዳ ፈረቃ ላይ ነው። አንድ ወጣት ሠራተኛ ሳሙና የሚሠራበትን ኃይለኛ ኬሚካል፣ ኮስቲክ ሶዳን፣ ከከረጢት ወደ ማሟሚያው ጋን እየገለበጠ ነበር። ኮስቲክ ከውኃ ጋር ሲገናኝ እንደሚግል በሥራው ላይ ያለ ሁሉ ያውቃል፤ ልጁ ግን አንድ ጊዜ አብዝቶ ለቀቀውና ጋኑ ፈልቶ ፊቱ ላይ ተፋበት። የመከላከያ መነጽሩ በእንፋሎቱ እየታፈነ ስላስቸገረው ወደ ግንባሩ ከፍ አድርጎት ነበር። ሁለት ጓደኞቹ ክንዱን ይዘው ወደ ማጠቢያው አደረሱትና ፔዳሉን ረገጡለት። ቧንቧው መጀመሪያ አየር ተፋ፤ ቀጥሎ የሻይ መልክ ያለው ዝገታም ውኃ አንድ ስኒ ያህል ወረደና ቆመ። ለካ ከሦስት ሳምንት በፊት ቧንቧ ሠራተኛው ሌላ መስመር ሲጠግን የውኃ መዝጊያውን (ጌት ቫልቩን) ዘግቶት፣ መልሶ ሳይከፍተው ሄዷል።

ያዳነችው የጽዳት ሠራተኛችን ናት። ለሠራተኛው ቡና ማፍያ ውኃ የቀዳችበትን ጀሪካን እየጎተተች መጣችና ልጁን መሬት ላይ አስተኝታ፣ «ግለጠው ልጄ፣ ዓይንህን ግለጠው፣ አይዞህ» እያለች በጆግ ታፈስለት ጀመር። ጀሪካኑ ሲያልቅ ሌላ አስመጣች። ሆስፒታል ስንደርስ ሐኪሙ መጀመሪያ የጠየቀን ምን እንደገባበት ነበር፤ ሁለተኛው ጥያቄው ለስንት ደቂቃ እንደታጠበ ነው። ከዚያም የምርመራ ወረቀት የዓይኑን እንባ እያስነካ፣ ቀለሙ እስኪስተካከል ድረስ ማጠቡን ለረጅም ሰዓት ቀጠለበት። የልጁ አንድ ዓይን ሙሉ በሙሉ ዳነ፤ በሁለተኛው ላይ ግን እስከ ዛሬ ድረስ ያልለቀቀው ጭጋግ አለበት። የዚያ ሳምንት የማጠቢያው የፍተሻ ካርድ ላይ «ይሠራል» በሚለው ሣጥን ውስጥ ምልክትና ፊርማ ነበር። ፊርማው የእኔ ነው። ፔዳሉን ግን አልረገጥኩትም ነበር።

ስለዚህ ከዚህ በታች የምለውን ሁሉ አንባቢው ከተማረ ሰው ሳይሆን ከጥፋተኛ ሰው እንደሰማው አድርጎ ይቁጠርልኝ።

ለምን ይህን ያህል እንደሚያስቸኩል በመጀመሪያ ማስረዳት ይገባኛል፤ ምክንያቱም ብዙ ሰው አሲድን አጥብቆ እየፈራ ኮስቲክን፣ ኖራንና እርጥብ ሲሚንቶን ይንቃል። ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። አሲድ የነካውን ሥጋ ፕሮቲን ያረጋዋል፤ ያ የረጋው ክፍል ራሱ እንደ ቅርፊት ስለሚሆን አብዛኛው አሲድ ወደ ውስጥ የመዝለቅ ኃይሉ በተወሰነ ደረጃ ይገታል። ኮስቲክ፣ አሞኒያና ኖራ ግን የዓይንን ሕዋስ ስብ ወደ ሳሙናነት እየለወጡ ነው መንገድ የሚከፍቱት። እኛ ጋን ላይ ከሞራና ከዘይት ሳሙና የምናወጣበት ሥራ ያው በሰው ዓይን ላይ ይፈጸማል ማለት ነው። በጥቂት ደቂቃዎች ውስጥም የዓይኑን የፊት ለፊት መስታወት አልፎ ወደ ውስጠኛው ክፍል ሊደርስ ይችላል። በዚያ ጊዜ ሎሚ፣ ኮምጣጤ ወይም ወተት ፍለጋ የሚሯሯጥ ሰው ደቂቃውን ያቃጥላል፤ አሲድና አልካላይ (እንደ ኮስቲክና ኖራ ያለው) ዓይን ውስጥ ሲገናኙ ደግሞ ሙቀት ስለሚፈጥሩ ቃጠሎውን ያብሱታል። የሚያስፈልገው ውኃ ነው፤ ብዙ፣ ንጹሕና የማያቋርጥ ውኃ። ኖራ ወይም ሲሚንቶ ከሆነ ደግሞ ብናኙ ከላይኛው ቆብ ሥር ተሸጉጦ እየሟሟ ስለሚቀጥል ቆቡን ገልብጦ ማጠብ የግድ ይሆናል።

«ብዙ» ማለት ስንት ነው ለሚለው፣ ወደ ውጭ የሚልኩ ፋብሪካዎች ኦዲተሮች ዘወትር የሚጠቅሱት መለኪያ «አንሲ ዜድ 358.1» የሚባለው የአሜሪካ ደረጃ ነው፤ መጀመሪያ እ.ኤ.አ. በ1981 የወጣ ሲሆን እ.ኤ.አ. በ2014 ታድሷል። የእኛ ሕግ አይደለም፤ ቁጥሮቹ ግን ለማሰቢያ ይጠቅማሉ። የዓይን ማጠቢያ በደቂቃ ቢያንስ 1.5 ሊትር፣ ዓይንንም ፊትንም የሚያጥበው 11.4 ሊትር፣ ሙሉ አካል የሚያጥበው ሻወር ደግሞ 75.7 ሊትር፣ ሁሉም ለ15 ደቂቃ ሳያቋርጡ መስጠት አለባቸው። አንዴ ከተከፈተ ያለ እጅ እገዛ ክፍት ሆኖ መቆየት ይኖርበታል፤ ምክንያቱም የተጎዳው ሰው ሁለቱንም እጆቹን የሚፈልጋቸው የዓይኑን ቆብ ፈልቅቆ ለመያዝ ነው።

አሁን ይህን ቁጥር ይዘን ወደ አዳማ እንምጣ። ከተማችን የምትጠጣው ከአዋሽ ወንዝ ተስቦ የተጣራ ውኃ ነው፤ በየሰፈሩ መቼ እንደሚመጣና መቼ እንደሚሄድ ለአዳማ ሰው መንገር ለቀባሪው ማርዳት ይሆንብኛል። ስለዚህ እያንዳንዱ ፋብሪካ ሮቶውን ሰቅሎ ነው የሚኖረው። እዚህ ላይ ነው የግዢ ስሕተት የሚጀመረው። ከውጭ የሚመጡት ከቧንቧ ጋር የሚገጠሙ ማጠቢያዎች አብዛኞቹ 2 ባር ገደማ ግፊት ይፈልጋሉ። አሥር ሜትር ከፍታ ላይ ያለ ውኃ የሚሰጠው ግፊት 1 ባር ብቻ ነው። እኛ ጋ ሮቶው የተሰቀለበት የብረት ማማ ከማጠቢያው አፍ በሦስት ሜትር ቢበልጥ ነው፤ ያም ከ0.3 ባር ያልዘለለ ይሆናል። በዚህ ግፊት ውኃው ወደ ላይ ተነሥቶ ዓይን ጋ አይደርስም፤ ከአፉ ጠርዝ እንደ እንባ ወርዶ ሳህኑ ላይ ይንጠባጠባል። «ፓምፕ እንጨምርበት» የሚል ሐሳብ ሲመጣ እኔ ራሴ ደግፌ ነበር፤ ነገር ግን መብራት በጠፋ ጊዜ ፓምፑም አብሮ ይጠፋል፤ ጄኔሬተሩ እስኪነሣ ያለው ጊዜ ደግሞ ኮስቲክ ሥራውን የሚሠራበት ጊዜ ነው።

ሻወሩንም ብናሰላው ያስደነግጣል። 75.7 ሊትር ለ15 ደቂቃ ሲባዛ ከ1,135 ሊትር በላይ ይመጣል። አንድ ሺህ ሊትር የሚይዘው ሮቶ እስከ አፉ ሞልቶ እንኳ ለአንድ ሰው አይበቃም ማለት ነው፤ ከዚያው ሮቶ ላይ መጸዳጃ ቤቱም ወጥ ቤቱም እንደሚቀዱ እዚህ ላይ ይታሰብ። የዓይን ማጠቢያው ግን 22.5 ሊትር ብቻ ነው የሚጠይቀው፤ ከአንድ ጀሪካን እምብዛም አይበልጥም። በዚህ ምክንያት በእኛ ሁኔታ፣ ቢያንስ ለዓይን፣ የራሱን ውኃ በራሱ ገንዳ ይዞ በክብደቱ ብቻ የሚያፈስሰው ዓይነት ከቧንቧው የተሻለ ምርጫ ነው ወደሚል እምነት መጥቻለሁ። ግፊት አይለምንም፣ መብራት አይጠብቅም፣ ማንም ቫልቭ ዘግቶበት አይሄድም። ጉድለት የለበትም አልልም። በውስጡ የሚተኛው ውኃ በአምራቹ መመሪያ መሠረት መከላከያ ሊጨመርበት ወይም ቶሎ ቶሎ ሊለወጥ ይገባል፤ በእጅ እየተጨመቀ የሚረጨውም ትንሽ ጠርሙስ ከእርሱ ጋር መምታታት የለበትም። ጠርሙሱ ወደ ዋናው ማጠቢያ እስኪደረስ የሚያግዝ ነው እንጂ ለ15 ደቂቃ የሚበቃ ውኃ በውስጡ የለም።

የውኃው ሙቀትም ሌላ ጣጣ ነው። ደረጃው ከ16 እስከ 38 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይላል። ከውጭ የሚመጡት ማብራሪያዎች በብዛት የሚጨነቁት ስለ ብርድ ነው፤ የአዳማ ችግር ተቃራኒው ነው። በአንድ የግንቦት ከሰዓት በኋላ በቆርቆሮ ጣሪያችን ላይ በተዘረጋው ቧንቧ የሚመጣውን ውኃ በቴርሞሜትር ለካሁት፤ ከ40 በላይ ነበር። እንዲህ ያለውን ውኃ ማንም ሰው ዓይኑን ገልጦ ለ15 ደቂቃ አይታገሠውም፤ በተፈጥሮው ይጨፍናል፣ ከጨፈነ ደግሞ አልታጠበም። ቧንቧውን ከጣሪያ አውርዶ በግድግዳ ጥላ ማሳለፍ፣ ሮቶውንም ዳስ ቢጤ ማልበስ ብዙ ወጪ አይጠይቅም፤ እኛ ያደረግነው በአሮጌ ቆርቆሮና በጥቂት አጠና ነው።

ለመሆኑ እነዚህን ነገሮች ማን ያስባል? የግዢ መጠየቂያው «የዓይን ማጠቢያ፣ ብዛት 2» ብሎ ይወጣል፣ ሦስት ፕሮፎርማ ይሰበሰባል፣ ዝቅተኛው ዋጋ ያሸንፋል። በፕሮፎርማው ላይ ስለ ግፊት፣ ስለ ፍሰት፣ ስለ መለዋወጫ አንድ ቃል የለም። የግዢ ሠራተኛውን አልወቅስም፤ የተሰጠውን ወረቀት ነው የሚያስፈጽመው። ወረቀቱን የምንጽፈው እኛ ነን። በደቂቃ ስንት ሊትር በስንት ባር እንደሚሰጥ፣ በአንድ ንክኪ ተከፍቶ ክፍት ሆኖ እንደሚቆይ፣ አፎቹ ውኃው ሲመጣ ራሳቸው የሚነሡ ክዳኖች እንዳሏቸው መጻፍ አለበት። ይህ የመጨረሻው ነገር በእኛ ከተማ ቅንጦት አይደለም፤ የአዳማ ነፋስ የሚያመጣውን አቧራ የሚያውቅ ሰው ክዳን የሌለው ማጠቢያ በአንድ ሳምንት ውስጥ ምን እንደሚመስል መገመት አያቅተውም።

ከሁሉም በላይ ግን የሚረሳውና እኔ ለብዙ ዓመት ያልገባኝ የፍሳሹ ጉዳይ ነው። በየፋብሪካው ማጠቢያው የሚሰቀለው ግድግዳው ባዶ በሆነበት ቦታ እንጂ ወለሉ ውኃ ማስወገጃ ባለበት ቦታ አይደለም። ስለዚህ በሳምንት አንድ ጊዜ ልሞክረው ብሎ ፔዳሉን የሚረግጥ ሰው ወለሉን ያጥለቀልቃል፤ የጽዳት ሠራተኞች ይቆጣሉ፣ ፎርማኑ «ሰው ያንሸራትታል» ይላል፣ ሥራ አስኪያጁም ውኃ በጠፋበት ከተማ ውኃ ይባክናል ብሎ ፊቱን ያጠቁራል። ከሁለትና ሦስት ሳምንት በኋላ ሰውዬው ካርዱን ብቻ መፈረም ይጀምራል። ያ ሰው እኔ ነበርኩ። ስንፍና ነው ብዬ ራሴን ለረጅም ጊዜ ከወቀስኩ በኋላ የተረዳሁት፣ ስንፍናው ዕቃው በተተከለ ቀን አብሮ ተተክሎ እንደነበር ነው። እኛ አሁን ማጠቢያውን ከነባሩ የወለል ቦይ አጠገብ ወስደነዋል፤ የሙከራው ውኃ በባልዲ ተይዞ ለወለል መወልወያና በበሩ ላይ ላሉት አበቦች ይውላል። ከዚያ ወዲህ ስለ ብክነት የተናገረ የለም።

ሳምንታዊው ሙከራ ሥርዓት ለማሟላት ብቻ የሚደረግ አይደለም። በቧንቧ ጫፍ ላይ ተኝቶ የከረመ ውኃ ዝገት ብቻ ሳይሆን ሕይወት ያለው ነገርም ያበቅላል፤ የአሜሪካ የሥራ ደኅንነት መሥሪያ ቤት ካስጠነቀቀባቸው ውስጥ አካንታሚባ የሚባለው አሜባ፣ ሱዶሞናስና ሌጂዮኔላ የሚባሉት ባክቴሪያዎችም ይገኙበታል። በኬሚካል የቆሰለ ዓይን ላይ እንዲህ ያለውን ውኃ ማፍሰስ ከአንዱ አደጋ አውጥቶ ለሌላው መስጠት ነው። እኛ ሰኞ ጠዋት፣ ፈረቃው ከመጀመሩ በፊት፣ የተኛው ውኃ ወጥቶ መልኩ እስኪጠራ እንለቀዋለን፤ ከዚያም ከአፎቹ ሥር ጆግ ይዘን አንድ ደቂቃ እንቆጥራለን። ከ1.5 ሊትር ከጎደለ ሥራው አይጀመርም። ከሁለቱ አፎች የሚወጣው ውኃ እኩል ቁመት መያዙን፣ ክዳኖቹ መነሣታቸውን፣ ቫልቩ ክፍት ሆኖ በቁልፍ መታሰሩን የምናየውም በዚያችው ደቂቃ ነው። ካርዱ ላይ ምልክት ማድረግ ቀርቶ የተለካው ሊትር በቁጥር ይጻፋል። ይህቺን ዘዴ እኔ ያመጣኋት ስለሆነ ትንሽ እኮራባታለሁ፤ ምልክት ቢሮ ውስጥ ተቀምጦ ማድረግ ይቻላል፣ በየሳምንቱ ጥቂት የሚለያይ ቁጥር መፈልሰፍ ግን ያደክማል።

ስለ ቦታው አጭር ነገር ልበል። ከአደጋው ቦታ እስከ ማጠቢያው በእግር ከ10 ሰከንድ፣ በርቀት ከ17 ሜትር ገደማ መብለጥ የለበትም፤ ደረጃ መውጣትም መውረድም ሊኖር አይገባም፤ እንደ ኮስቲክ ላለ ኃይለኛ ነገር ደግሞ ልክ አጠገቡ መሆን አለበት። ውኃው የሚወጣበት ከፍታ ከወለል ከ84 እስከ 135 ሴንቲሜትር ይሁን ይባላል። ይህን በሜትር ከመለካት ይልቅ አንድ ሰው ዓይኑን በሻሽ ታስሮ ከጋኑ ተነሥቶ እንዲሄድ ማድረግ ብዙ ያስተምራል። እኛ ስንሞክረው የታሰረው ፎርማን ሦስት እርምጃ እንኳ ሳይሄድ ባዶ ካርቶን የተከመረበት ፓሌት ላይ ወደቀ። ፓሌቱ «ለጊዜው» ተብሎ የተቀመጠ ነበር፤ ለስንት ወር ለጊዜው እንደነበር የሚያስታውስ ሰው አልተገኘም።

በከተማችን ከፋብሪካዎቹ ይልቅ የሚያሳስቡኝ ትንንሾቹ ናቸው። የባትሪ አሲድ የሚሞሉ ጋራዦች፣ ብሎኬት የሚያመርቱ፣ ኖራ የሚቀቡ፣ በረኪና ከትልቅ ዕቃ ወደ ትንሽ እየቀነሱ የሚሸጡ ሁሉ የውጭ ዕቃ ግዙ ቢባሉ አቅሙ የላቸውም። እነርሱ ቢያንስ ቧንቧ የተገጠመለት 25 ሊትር ጀሪካን በደረት ከፍታ ላይ ጥላ ውስጥ አስቀምጠው፣ «ለዓይን ብቻ» ብለው ጽፈውበት፣ ውኃውን በየቀኑ ቢለውጡ ደረጃውን አያሟላም፤ ነገር ግን እኛን ያዳነን እንደዚያ ያለ ጀሪካን መሆኑን አልረሳም። የሚከብደው ከዚያ ጀሪካን ማንም እጁን እንዳይታጠብበት፣ ቡናም እንዳያፈላበት ማድረጉ ነው።

የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 በአንቀጽ 92 አሠሪው የሠራተኛውን ደኅንነትና ጤንነት የመጠበቅ ግዴታ እንዳለበት፣ በአንቀጽ 93 ሠራተኛውም የራሱ ግዴታ እንዳለበት ይደነግጋል። ስለዚህ ሕግ የለም ብሎ ማማረር አይቻልም። የሥራ ሁኔታ ተቆጣጣሪዎች በሥራ ብዛት እንደሚቸገሩ አውቃለሁ፤ ወደ ፋብሪካችን የመጡት ሁሉ ጨዋና ትጉህ ሰዎች ነበሩ። ሆኖም እስከ ዛሬ ካርዱን ጠይቆ ያየ እንጂ ፔዳሉን የረገጠ አንድም ተቆጣጣሪ አልገጠመኝም፤ የገዢ ኩባንያዎች የላኳቸው ኦዲተሮችም ቢሆኑ ፎቶ አንሥተው ነው የሄዱት። በዚያ ክፉ ጠዋት ዋዜማ ቢመጡ ኖሮ የእኔን ፊርማ አይተው አመስግነውኝ በሄዱ ነበር።

ስለዚህ በጋዜጣችሁ በኩል ለሚመለከተው ቢሮ የማቀርበው ጥያቄ አንድ ነው፦ በተቆጣጣሪው የመጠይቅ ቅጽ ላይ «የዓይን ማጠቢያ አለ ወይ?» የሚለው ጥያቄ ወጥቶ በምትኩ «በአንድ ደቂቃ ስንት ሊትር ሰጠ?» የሚል ይግባበት። ለመለኪያ የሚሆን ጆግ ከሌላቸው ከእኛ ፋብሪካ መዋስ ይችላሉ፤ የጽዳት ሠራተኛችን ያንን ጆግ ሰኞ ለሙከራው ከምትሰጠን በቀር ከእጇ አታወጣውም፤ ለእነርሱ ግን አስፈቅጄ አበድራለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የሥራ ደኅንነት ኃላፊ
ከአዳማ